የማይታየው የአትክልት ጠላት፤ ስለ ሥር ቋጠሮ ትል
ለመንደር ትምህርት ቤቶች መምህራንና ለአገር ሽማግሌዎች የተዘጋጀ ትምህርት

መቅድም

መምህራን ሆይ፥ እናንተም ንባብ የምታውቁ የአገር ሽማግሌዎች ሆይ፤ ይህ ትምህርት ስለ አንድ ታናሽ ትል የሚናገር ነው። ትሉ ታናሽ ነው ብላችሁ ግን ነገሩን አትናቁት፤ ሰውን ከእርሻው ያስለቅቃል፥ ጎረቤትንም ከጎረቤቱ ያጣላል። ይህንንም የምለው ከመጽሐፍ ብቻ ተምሬ አይደለም፤ በራሴ እጅ የተፈጸመ ስሕተት ስላለ አስቀድሜ እርሱን እነግራችኋለሁ።

ከጥቂት ዓመታት በፊት በስምጥ ሸለቆ፥ ከአንድ ሐይቅ አጠገብ ባለች ታናሽ ከተማ ተቀምጬ ለባለ ጉዳይ ማመልከቻ እጽፍ ነበር። አንድ ቀን በመስኖ ቲማቲም የሚያለሙ አንድ ሽማግሌ መጡና፥ በቦዩ ራስጌ ያለውን ጎረቤታቸውን የሚከስ ጽሑፍ እንዳዘጋጅላቸው ለመኑኝ። ቃላቸውም እንዲህ የሚል ነበር፤ «ሦስት ጊዜ ተከልሁ፥ ሦስት ጊዜም ጠወለገብኝ። ውኃ አላጐደልሁበትም፥ ፍግም አልነፈግሁትም። ይህ ሰው በቦዩ ውስጥ ክፉ ነገር ቢጨምርብኝ ነው እንጂ ሌላ ምን ሊሆን ይችላል?» እኔም በቅኔ ቤት ያደግሁ ነኝና በብዕሬ እመካ ስለ ነበር፥ ነገሩን ሳልመረምር ክሱን በሚያምር ቃል አስጊጬ ጻፍሁላቸው። ክርክሩ ወራት ፈጀ። አበ ልጅ የነበሩት ሁለቱ ሰዎች ሰላምታ ተነፋፈጉ፤ ቤተ ሰቦቻቸውም እሳት መጫጫር ተዉ።

በመጨረሻው አንድ የእርሻ ባለሙያ ለሌላ ሥራ ወደዚያ አገር መጥቶ ሳለ ነገሩን ሰማ። ወደ ሽማግሌው እርሻ ገብቶ አንዲት የጠወለገች የቲማቲም እግር በዶማ ቈፍሮ አወጣ። ሥርዋ እንደ መቍጠሪያ ተቋጥሮ፥ እንደ ዝንጅብል አብጦ ተገኘ። ቀጥሎም ከተከሳሹ እርሻ ለምለም የምትመስል ሌላ እግር አወጣ፤ በእርስዋም ሥር ላይ ቋጠሮው ጀማምሮ ነበር። ሁለቱም ችግኛቸውን የገዙት ከአንድ የችግኝ መደብ ነበረ። ሽማግሌውም ሥሩን በእጃቸው ይዘው ጥቂት ዝም ካሉ በኋላ ወደ እኔ ዘወር ብለው፥ «ልጄ፥ ያን ሁሉ ቃል ከመደርደርህ በፊት አንዲት ሥር ነቅለን እንይ ብትለኝ ምን ነበረበት?» አሉኝ። መልስ አልነበረኝም። ሁለቱን ባለ እርሻዎች ሽማግሌ አስታረቃቸው፤ ያ ቃል ግን እስከ ዛሬ ከልቤ አልወጣም። ይህንንም ትምህርት የጻፍሁት ሌላ ሰው በዚያው ስሕተት እንዳይወድቅ ነው።

እንግዲህ የትምህርቱ ዋና ቃል አንድ ነው። አትክልት ሲጠወልግ ሰማዩን፥ ዘሩን፥ ወይም ጎረቤትን ከመውቀስ አስቀድሞ ሥሩን ነቅሎ ማየት ይገባል።

(ከዚህ በታች የተጻፉት ዓመታት ሁሉ እንደ አውሮጳ አቈጣጠር ናቸው።)

አንደኛ ክፍል፤ የትሉ ተፈጥሮ

በአፈር ውስጥ እንደ ቀጭን ክር የሆኑ፥ በዓይን የማይታዩ ብዙ ትሎች ይኖራሉ። ሊቃውንት እነዚህን ኔማቶድ ብለው ይጠሯቸዋል። ወገናቸው ለእኛ እንግዳ አይደለም፤ በሰው ሆድ የሚገኘው ወስፋት ከዚሁ ወገን ነውና። ኮሶ ግን ገላው ጠፍጣፋ ስለ ሆነ ከሌላ ወገን ይቈጠራል። ኔማቶዶችም ሁሉ ክፉዎች አይደሉም። አብዛኞቹ በአፈር ውስጥ ያለውን ረቂቅ ነፍሳትና ሻጋታ እየበሉ የሚኖሩ ናቸው፤ አንዳንዶቹም አፈርን በማዳበር ይረዳሉ። ጥቂቶቹ ብቻ የተክልን ሥር ይወጋሉ። ከእነዚህም እጅግ የሚጐዳው የሥር ቋጠሮ ትል የሚባለው ነው።

የዚህ ትል የሊቃውንት ስሙ ሜሎይዶጊኔ ይባላል፤ የግሪክ ቃል ሲሆን ትርጓሜው «ፖም የምትመስል ሴት» ማለት ነው። ስለ ምን እንዲህ እንደ ተባለ ከዚህ ቀጥሎ ይታያል። ዓይነቱም ወደ 100 ገደማ ይደርሳል፤ በሞቃት አገር አትክልትን አብዝተው የሚያጠፉት ግን ኢንኮግኒታና ያቫኒካ የሚባሉት ናቸው።

አኗኗሩ እንዲህ ነው። ግልገሉ ትል ከእንቍላል ሲወጣ ርዝመቱ የአንድ ሚሊሜትር እኩሌታ እንኳ አይሞላም። በእርጥብ አፈር ውስጥ እየተሳበ ለጋ ሥር ይፈልጋል፤ ባገኘም ጊዜ በሥሩ ጫፍ አጠገብ ይገባል። በአፉ ውስጥ እንደ መርፌ ያለ ቀጭን መውጊያ አለው፤ በእርሱም የሥሩን ሕዋሳት ወግቶ ምራቁን ያፈስስባቸዋል። ከዚህ የተነሣ የተወጉት ሕዋሳት ከልክ በላይ ይገዝፋሉ፤ ተክሉ ለቅጠሉና ለፍሬው ያዘጋጀው ምግብም ወደ እነርሱ ይሄዳል። በዙሪያቸው ያለው የሥር ሥጋም ያብጣል፤ ቋጠሮ የምንለው ይህ እብጠት ነው። እንግዲህ ትሉ ሥርን እንደ ምስጥ ቈርጥሞ አይበላም፤ እንደ ክፉ እንግዳ ከጓዳ ተቀምጦ ባለቤቱ ራሱ እንዲመግበው ያደርጋል እንጂ።

ሴቲቱ ትል አንድ ጊዜ ምግብዋን ካገኘች በኋላ ከዚያ ስፍራ አትንቀሳቀስም። ገላዋ እየወፈረ አንገትዋ ቀጥኖ ፍሬ መሳይ ትሆናለች፤ ስምዋም የወጣው ከዚህ መልክዋ ነው። ከዚያም እንደ ሙጫ ባለ ነገር ውስጥ ከ300 እስከ 500 የሚደርስ፥ አንዳንድ ጊዜም ከዚህ የሚበልጥ እንቍላል ትጥላለች። ኢንኮግኒታና ያቫኒካ የሚባሉት ዓይነቶች ለመራባት ወንድ አያስፈልጋቸውም፤ ስለዚህ አንዲት ሴት ብቻ ወደ እርሻ ብትገባ እርሻውን ለመሙላት ትበቃለች። አፈሩ 27 ዲግሪ ያህል ሲሞቅ ከእንቍላል እስከ እንቍላል ያለው ዘመን አንድ ወር ያህል ነው።

መምህሩ ይህን በሒሳብ ሊያስረዳ ይችላል። ለምሳሌ ከአንዲት ሴት እንቍላል ሁሉ 10 ብቻ አድገው ሴቶች ሆኑ እንበል። በመጀመሪያው ወር መጨረሻ 10፥ በሁለተኛው 100፥ በሦስተኛው 1,000፥ በአራተኛው 10,000 ይሆናሉ። አራት ወር ደግሞ ቲማቲም ተተክሎ ተለቅሞ እስኪያልቅ የሚቈይበት ዘመን ነው። እንግዲህ በመጀመሪያው ተከላ ያልታየ ጉዳት በሁለተኛውና በሦስተኛው ድንገት የመጣ የሚመስለው ስለዚህ ነው።

ሁለተኛ ክፍል፤ ሰዎች ይህን ትል እንዴት እንዳወቁት

ይህን ደዌ አስቀድሞ በጽሑፍ የገለጠው ማይልስ ጆሴፍ በርክሌይ የሚባል እንግሊዛዊ ቄስ ነው። እርሱም ሻጋታንና የተክልን ደዌ የሚመረምር ሰው ነበር። በ1855 ዓመት፥ በመስተዋት ቤት ውስጥ ከበቀለ የኪያር ተክል ሥር ላይ እብጠት አይቶ፥ በእብጠቱ ውስጥ ትሎች መኖራቸውን አስታወቀ። ከእርሱም በኋላ በ1887 ዓመት ኤሚል ጎልዲ የተባለ የስዊስ ሰው በብራዚል አገር፥ በሪዮ ዴ ጃኔይሮ አውራጃ የቡና ተክል ስለምን እንደሚደርቅ መርምሮ ይህንኑ ትል በሥሩ ውስጥ አገኘ፤ ሜሎይዶጊኔ የሚለውንም ስም ያወጣ እርሱ ነው። በ1949 ዓመት ደግሞ ቺትውድ የተባለ አሜሪካዊ ሊቅ፥ እስከዚያ ድረስ እንደ አንድ ይቈጠሩ የነበሩትን የሥር ቋጠሮ ትሎች በየዓይነታቸው ለይቶ አስቀመጠ።

በአገራችን በኢትዮጵያም የዓለም የምግብና የእርሻ ድርጅት በ1975 ዓመት ስለ ኔማቶዶች የተደረገ ምርመራ በጽሑፍ አወጣ። ከዚያም ወዲህ በአትክልት እርሻዎች በተደረጉ ምርመራዎች አብዝተው የተገኙት እነዚያው ኢንኮግኒታና ያቫኒካ ናቸው። ኢትዮፒካ የሚባል ሌላ ዓይነትም አለ። ስሙን የሰማ ሰው በአገራችን የተገኘ ሊመስለው ይችላል፤ ዳሩ ግን በ1968 ዓመት መጀመሪያ የተጻፈው በታንዛንያ ከቲማቲም ሥር ላይ ተገኝቶ ነው።

አሁን ደግሞ በዓለም ላይ አዲስ ሥጋት ሆኖ የተነሣ ኤንቴሮሎቢ የሚባል ዓይነት አለ። ይህም በ1983 ዓመት በቻይና አገር፥ በሃይናን ደሴት፥ ከአንድ ዛፍ ሥር ላይ ተገኝቶ ተጻፈ። በ2001 ዓመት በብራዚል ሰሜናዊ ምሥራቅ በመስኖ በሚለማ የዘይቱን ተክል ላይ ተገኘ፤ እኛ ዘይቱን የምንለው ያ የሚበላው ፍሬ ነው። በዚያም ትሉ ሥሩን ሲያቈስል ሻጋታ በቍስሉ እየገባ ሥሩን ያበሰብሰው ስለ ነበር፥ ዛፎቹ ደረቁ፤ ብዙ ገበሬዎችም የዘይቱን እርሻቸውን አጡ። በ2011 ዓመትም በአሜሪካ በሰሜን ካሮላይና ተገኘ፤ የስኳር ድንች ገበሬዎችም ኋላ ብዙ ጉዳት አገኛቸው። ይህ ዓይነት ይበልጥ የሚያስፈራው፥ ሌሎቹን ትሎች እንዲችሉ ተብለው የተዘጋጁትን የቲማቲም ዘሮች እንኳ የሚያሸንፍ በመሆኑ ነው።

ሦስተኛ ክፍል፤ ምልክቱ

ይህ ትል ከ2,000 በሚበልጡ የተክል ዓይነቶች ላይ ሊኖር ይችላል። ከአትክልት ወገን ቲማቲም፥ ቃርያ፥ ኪያር፥ ዱባ፥ ካሮት፥ ቀይ ሥር፥ ሰላጣ፥ ድንችና ባቄላ ይጠቃሉ። ከፍሬ ወገንም ፓፓያ፥ ሙዝ፥ ዘይቱን፥ ኮክና ወይን ይጠቃሉ። ብዙ አረሞችም ያኖሩታል።

ከመሬት በላይ የሚታየው ምልክት አታላይ ነው። ተክሉ ይቀጭጫል፥ ቅጠሉ ይገረጣል፥ ፍሬው ያንሳል። አፈሩ እርጥብ ሆኖ ሳለ እኩለ ቀን ላይ ይጠወልጋል፥ ወደ ማታ ሲቀዘቅዝ ደግሞ ይነሣል። እርሻው ሁሉ በአንድ ጊዜ አይጠቃም፤ እዚህም እዚያም እንደ ጭርት ያለ ክብ ስፍራ ይታያል። ይህን ያየ ገበሬ ውኃ አነሰው ብሎ ውኃ ይጨምራል፥ መሬቱ ከሳ ብሎ ማዳበሪያ ይገዛል፤ ሥሩ ታንቋልና ሁለቱም ብዙ አይረዱትም። የቅኔ ተማሪ ሰሙን ብቻ ሰምቶ ወርቁን ሳያገኝ አይነሣም፤ ቅጠሉንም አይቶ ሥሩን ሳያይ የሚፈርድ ሰው እንዲሁ እኩሌታውን ብቻ ሰምቷል።

ሥሩን ለማየት ተክሉን በእጅ ጐትቶ መንቀል አይገባም፤ ያበጡት ቀጫጭን ሥሮች ተበጥሰው በአፈር ውስጥ ይቀራሉና። ዙሪያውን በዶማ ወይም በአካፋ ቈፍሮ ከነአፈሩ ማውጣት፥ ከዚያም በባልዲ ውኃ ውስጥ ቀስ አድርጎ ማጠብ ነው። የታመመ ሥር አንዳንዱ እንደ ጤፍ ቅንጣት፥ አንዳንዱ እንደ ሽምብራ፥ አንዳንዱም ተጋጥሞ እንደ አውራ ጣት የሚሆን እብጠት ይታይበታል። ካሮት ጫፉ ይከፋፈላል፥ ወይም አጥሮ ጠጉር ያወጣል፤ ድንችም በልጡ ላይ ኪንታሮት የመሰለ ነገር ያወጣል።

እዚህ ላይ አንድ ብርቱ ጥንቃቄ አለ። ባቄላ፥ አተር፥ ሽምብራና የእነርሱ ወገን በሥራቸው ላይ በተፈጥሮ ትናንሽ እባጮች ያወጣሉ። እነዚህ ደዌ አይደሉም፤ በውስጣቸው የሚኖሩት ረቂቃን ነፍሳት ከአየር ናይትሮጅን የሚባለውን ምግብ ወስደው ለተክሉ የሚሰጡ ወዳጆች ናቸው። ሁለቱን ለመለየት መንገዱ ይህ ነው። የወዳጁ እባጭ በሥሩ ጎን ተለጥፎ የተቀመጠ ነውና በጣት ሲያሹት በቀላሉ ይረግፋል፤ በጥፍር ቢቈርጡትም ሥራ ላይ ካለ ውስጡ ቀይ ወይም ሐምራዊ ሆኖ ይታያል። የትሉ ቋጠሮ ግን ሥሩ ራሱ ያበጠ ስለ ሆነ፥ ሥሩን ሳይቀድዱ ሊያነሡት አይቻልም። ይህን ሳይለይ መልካሙን ባቄላ በሽተኛ ነው ብሎ የነቀለ ሰው የእርሻውን ወዳጅ በገዛ እጁ ያጠፋል።

አራተኛ ክፍል፤ ከስፍራ ወደ ስፍራ የሚሄድበት መንገድ

ትሉ በራሱ ጉልበት ሩቅ አይሄድም፤ በአፈር ውስጥ ከጥቂት ክንድ የሚበልጥ ጕዞ የለውም። እንግዲህ ከመንደር ወደ መንደር፥ ከአገር ወደ አገርስ ማን ያደርሰዋል? እኛ ነን። በታመመ መደብ የበቀለ ችግኝ ስንገዛ ትሉን በገንዘባችን ገዝተን እንወስዳለን። በማረሻ፥ በዶማና በጫማ የተጣበቀ አፈርም ይዞት ይሄዳል። ጐርፍና የመስኖ ውኃ ከላይኛው እርሻ ወደ ታችኛው ያወርደዋል። ያበጠውን ሥር ከለቀማ በኋላ ወደ ቦይ ወይም ወደ ፍግ ክምር የሚጥል ሰው ትሉን መልሶ ይዘራዋል።

በአሁኑ ዘመን ይህ ደዌ በአትክልት ስፍራ የበዛበትም ምክንያት ከዚህ የራቀ አይደለም። ቀድሞ መሬት በበጋ ደርቆ ያርፍ ነበር፤ ትሉም ለጋ ሥርና እርጥበት ሲያጣ ይቀንስ ነበር። ዛሬ ግን በመስኖ ዓመቱን ሙሉ ይተከላል፤ ገበያው ስለሚፈልገውም በአንድ ስፍራ ላይ ቲማቲም በቲማቲም ላይ ይደጋገማል። መስኖው ክፉ ነው ማለት አይደለም፤ መስኖ ታላቅ በረከት ነው። ነገር ግን የማያርፍ መሬት ለሰውም ለትሉም እኩል ማዕድ ይዘረጋል።

አምስተኛ ክፍል፤ ጥንቃቄና መድኃኒት

አስቀድሞ ይህ ይታወቅ። ትሉ አንድ ጊዜ ወደ እርሻ ከገባ ፈጽሞ ማጥፋት እጅግ ጭንቅ ነው፤ እንዳይጐዳ አድርጎ ማሳነስ ግን ይቻላል። አንድ መድኃኒት ብቻውን አይበቃም፤ ከዚህ በታች ያሉት ተባብረው ሲሠሩ ነው የሚረዱት።

አንደኛ፥ የችግኝ መደብን መጠበቅ። መደቡ አትክልት ባልተደጋገመበት ስፍራ ይሁን። ለጥቂት ችግኝ የሚሆን አፈር ሲሆን አርጥቦ በቆርቆሮ ላይ በእሳት ማሞቅ ይቻላል፤ አፈሩ ሁሉ 60 ዲግሪ ደርሶ ለግማሽ ሰዓት ከቈየ ትሉ ይሞታል። ችግኝ ገዢም ከየመደቡ ጥቂት እግር ነቅሎ፥ ሥሩን አጥቦ ሳያይ ገንዘቡን አይስጥ።

ሁለተኛ፥ ከለቀማ በኋላ ሥርን መንቀል። የመጨረሻው ፍሬ እንደ ተለቀመ ሥሩን ሳይውል ሳያድር ቈፍሮ፥ በፀሐይ አድርቆ ማቃጠል ነው። ተክሉ በስፍራው በቆመ ቍጥር ትሉ መራባቱን አያቋርጥም።

ሦስተኛ፥ መሬትን ለፀሐይ መስጠት። በበጋ ውኃውን ከልክሎ መሬቱን በየሁለት ሳምንቱ ሁለት ሦስት ጊዜ ማገላበጥ፥ አረሙንም ማጥፋት ብዙ ትል ያደርቃል። ሌላም ጥበብ አለ። በ1976 ዓመት በእስራኤል አገር ካታንና ባልደረቦቹ እንዳሳዩት፥ አፈሩን ውኃ አጠጥቶ ብርሃን በሚያሳልፍ ስስ ላስቲክ ከ4 እስከ 6 ሳምንት በብርቱ ፀሐይ መሸፈን የአፈር ደዌዎችን ይቀንሳል። ሙቀቱ ወደ ጥልቅ ስለማይወርድ ይህ ይልቁንም ለችግኝ መደብ የተመቸ ነው።

አራተኛ፥ ተክልን ማፈራረቅ። ቲማቲም፥ ቃርያና ኪያር ተከታትለው በአንድ ስፍራ አይተከሉ። ኢንኮግኒታ የሚባለው ዓይነት በሰሊጥና በኦቾሎኒ ላይ አብዛኛውን ጊዜ አይራባም። የእህል ዘሮች ብዙ ጊዜ እንደ አትክልት አይጐዱም፤ ነገር ግን በቆሎን የመሰሉ አንዳንዶቹ ሳይታመሙ ትሉን በሥራቸው ሊያኖሩ ስለሚችሉ፥ የተፈራረቀውንም ተክል ሥሩን እያዩ መፍረድ ይገባል። ታጌቴስ የሚባለው፥ ሽታው የሚከብድ ብርቱካንማ አበባ ከሥሩ ትሉን የሚጐዳ ነገር ያወጣል፤ የሚረዳው ግን ተጠጋግቶ ተተክሎ ሁለት ሦስት ወር ሲቈይ ነው እንጂ፥ ለጌጥ በዳር በዳር ጥቂት እግር ሲተከል አይደለም።

አምስተኛ፥ በሚገባ የበሰለ ፍግ መጨመር። ፍግ ትሉን በቀጥታ አይገድልም፤ ነገር ግን የትሉ ጠላቶች የሆኑትን የአፈር ነፍሳት ያበዛል፥ ተክሉም አዲስ ሥር አውጥቶ ጉዳቱን እንዲችል ያበረታዋል።

ስድስተኛ፥ የሚችል ዘር መምረጥ። በ1944 ዓመት ስሚዝ የተባለ አሜሪካዊ ሊቅ የፔሩን የዱር ቲማቲም ከሚበላው ቲማቲም ጋራ አዳቀለ፤ ከዚያም ትውልድ ይህን ትል የሚችሉ ዘሮች ወጡ። ሆኖም የአፈሩ ሙቀት ከ28 ዲግሪ ሲያልፍ ይህ ኀይላቸው ይደክማል። ስለዚህ የቈላ ገበሬ በዘሩ ብቻ ተማምኖ ሌላውን ጥንቃቄ አይተው።

ስለ መርዝ መድኃኒትም አንድ ቃል ልናገር። ከ1950ዎቹ ዓመታት ጀምሮ ዲቢሲፒ የሚባል መርዝ ለዚህ ትል በብዙ አገር ይፈስስ ነበር። በ1977 ዓመት በካሊፎርንያ በፋብሪካው የሚሠሩ ወንዶች መካን መሆናቸው ታወቀ፤ በ1979 ዓመትም በአሜሪካ ከጥቂት በቀር በሁሉ እርሻ ላይ ተከለከለ። ሜቲል ብሮማይድ የሚባለውም የሰማይን የኦዞን ሽፋን የሚያሳሳ ስለ ሆነ፥ በ1987 ዓመት በሞንትሪያል ከተፈረመውና ኋላ ከሰፋው ውል የተነሣ ከተራ የእርሻ ሥራ እንዲወጣ ተደረገ። እንግዲህ ስሙ ያልታወቀ፥ ጽሕፈቱ የማይነበብ መርዝ ከገበያ ገዝቶ በአትክልት ላይ ማፍሰስ ከትሉ የከፋ ጉዳት በቤት ማምጣት ነው። የሚያስፈልግ ቢሆን እንኳ በእርሻ ባለሙያ ምክርና ፈቃድ ብቻ ይሁን።

ስድስተኛ ክፍል፤ በትምህርት ቤት ግቢ የሚደረግ ፈተና

አንድ እርሻ ትሉ እንዳለበት ለማወቅ ሁልጊዜ የሊቃውንት መሣሪያ አያስፈልግም። መምህሩ ከተማሪዎቹ ጋራ እንዲህ ያድርግ።

ከተጠረጠረው እርሻ ከ10 ስፍራ፥ አንድ ስንዝር ያህል እየቈፈሩ ጥቂት ጥቂት አፈር ያውጡና አንድ ላይ ይቀላቅሉት። አፈሩን ለሁለት ይክፈሉት፤ አንዱን እኩሌታ ከላይ እንደ ተነገረው በእሳት ያሙቁት፥ ሁለተኛውን እንዳለ ይተዉት። ሦስት ማሰሮ ወይም ጣሳ በሞቀው፥ ሦስትም ባልሞቀው አፈር ይሙሉ፤ ከሥራቸው ቀዳዳ ይኑራቸው። አንዱ የሌላውን ውኃ እንዳይነካ ለየብቻ በድንጋይ ላይ ያስቀምጧቸው። በሁሉም የቲማቲም ወይም የኪያር ዘር ዘርተው እኩል ውኃ ያጠጡ። ከበቀለ ከ40 ቀን በኋላ ሥሩን አጥበው ያስተያዩ። ባልሞቀው አፈር ቋጠሮ ታይቶ በሞቀው ካልታየ፥ ደዌው በአፈሩ ውስጥ መሆኑ ተረጋገጠ። ፈተናው ሲያልቅ ሥሩ ይቃጠል፤ ያልሞቀውም አፈር ሞቆ ይጣል እንጂ ወደ ግቢው አትክልት አይፍሰስ።

ይህን ያየ ተማሪ ለአባቱ ነግሮ ብቻ አይመለስም፤ ሥሩን በእጁ ይዞ ያሳየዋል። ሽማግሌዎችም በመንደሩ ጉባኤ ላይ ሦስት ነገር በውል ቢያጸኑ መልካም ነው። አንደኛው፥ ሥሩ ሳይታይ ችግኝ እንዳይሸጥ፤ ሁለተኛው፥ የታመመ ሥር ወደ ቦይ እንዳይጣል፤ ሦስተኛው፥ በአትክልት መጠውለግ ምክንያት የተነሣ ክስ ሁሉ ከሁለቱም ወገን እርሻ ሥር ተነቅሎ ሳይታይ እንዳይሰማ። በአንድ ቦይ የሚጠጡ ሰዎች ደዌውንም በአንድነት ይቀበላሉና፥ አንዱ ብቻ ቢጠነቀቅ ብዙ አይጠቅመውም።

ለተማሪዎች የሚቀርቡ ጥያቄዎች

1. ወስፋትና የሥር ቋጠሮ ትል በምን ይዛመዳሉ? ኮሶስ ስለምን ከእነርሱ ወገን አልሆነም?
2. አፈሩ እርጥብ ሆኖ ሳለ ተክሉ እኩለ ቀን ላይ ስለምን ይጠወልጋል?
3. የባቄላን መልካም እባጭ ከትሉ ቋጠሮ በምን እንለያለን?
4. ትሉ በራሱ ሩቅ የማይሄድ ከሆነ፥ ከብራዚል ገበሬ እስከ እኛ አገር ገበሬ ድረስ ሁሉን የሚያስጨንቅ እንዴት ሆነ?
5. ከአንዲት ሴት በየወሩ 20 ሴቶች ቢያድጉ፥ በሦስተኛው ወር መጨረሻ ስንት ይሆናሉ?
6. በፈተናው ላይ አፈሩን ለሁለት ከፍለን አንዱን ያሞቅነው ስለምን ነው?

መደምደሚያ

«በሽታውን የደበቀ መድኃኒት የለውም» ይባላል። ይህ ትል ግን በሽታውን የሚደብቀው በሽተኛው ሳይሆን መሬቱ ነው፤ ስለዚህ ቈፍሮ የሚያይ ሰው ያስፈልገዋል። መምህራን ሆይ፥ ተማሪዎቻችሁን ይህን አስተምሯቸው፤ ሽማግሌዎች ሆይ፥ እናንተም ለፍርድ በምትቀመጡበት ጊዜ አስታውሱት። እኔ አንዲት ሥር ሳላይ የጻፍሁት ክስ ሁለት ቤት ለያየ። የነቀልናት አንዲት ሥር ግን ወራት የፈጀውን ክርክር በአንድ ቀን ጨረሰችው።